ፋራህ ከአሸዋ ላይ ያነበበው

ፋራህን የማያውቅ የድሬ ሰው ካለ ወይ ከጦርነቱ በኋላ የመጣ ነው ወይ ውሸታም ነው። ረጅም ቀጭን፣ ሽርጡን ከፍ አድርጎ የሚያገለድም፣ ሲሄድ መሬት መሬት የሚያይ ሰው ነበር። እንግዳ ሰው ሲያየው የሆነ ዕቃ የወደቀበት ይመስለዋል። እሱ የሚያየው ግን ዱካ ነው። የመጋላን ሰፈር ሰው ግማሹን በፊቱ ሳይሆን በእግሩ ነበር የሚያውቀው። አንድ ጠዋት ደጄ ላይ አጎንብሶ ቆየና ቁርጭምጭሚቴን ምን እንዳገኘው ጠየቀኝ። ከትናንት ወዲያ ከደረጃ ላይ ወድቄ ነበር፤ ለእናቴም አልነገርኳት።

እኔ የሺአረግ ነኝ። አባቴ ከሸዋ መጥቶ ባቡር ሲጠግን ኖሮ ባቡር ሲጠግን የሞተ ሰው ነው። እኔ ደግሞ በደርግ ጊዜ ዘጠኝ ዓመት የቀበሌ ጸሐፊ ነበርኩ። የቀበሌዬን ቁጥር አልናገርም፤ የሚያውቅ ያውቀዋል። የእጅ ጽሕፈቴ ያምራል ይባል ስለነበር ስብሰባ ሲኖር ቃለ ጉባኤ የምይዘው እኔው ነበርኩ። ፋራህ በሃያ ዓመት ይበልጠኛል፣ ግን አንተ ነበር የምለው። ድሬ ውስጥ አንቱታ ብዙም ቦታ የለውም፤ ከደጋ የመጣ እንግዳ በዚህ ሲቀየም እያየን እንስቃለን። እዚህም "እሱ" እያልኩ ነው የምጽፈው፤ ደስ ያላለው ይተወው።

የተወለደው ሁርሶ አጠገብ፣ ግመል ከሚያረቡ ሰዎች ነው። ዱካ ማንበብ ያስተማረችው እናቱ ናት። ሦስት መቶ ግመል ውሃ ጠጥቶ የሄደበትን ጭቃ አይታ የራሷን ግመሎች ለይታ ታወጣ ነበር አሉ። አንዲት ግልገል ጠፍታባት ከሁለት ዓመት በኋላ ከሰው መንጋ ውስጥ ያገኘቻትም በዱካዋ ነው። ግልገሏ እግሯን የምታሳርፈው ልክ እንደ እናቷ ስለነበር ሽማግሌዎቹ ሁለቱን አስተያይተው ለፋራህ እናት ፈረዱላት። አረማመድ ከወላጅ ይወረሳል፣ የሰውም እንደዚሁ ነው ይል ነበር። እኔ በዚህ አባባሉ ስቄበት አላውቅም ብል እዋሻለሁ።

ጎልማሳ ሲሆን ግን እውቀቱን ያዋለው ለሌላ ነገር ነው። በንጉሡ ዘመን ኮንትሮባንድ ያሻግር ነበር። ከጅቡቲ የሚመጣው የጭነት ባቡር ከተማው ሳይገባ መታጠፊያው ላይ ቀስ ሲል፣ ጨርቅና ሲጋራ የታሰረበት ጥቅል ይወረወራል፣ ሰዎቹም ተከትለው ይዘላሉ። የፋራህ ሥራ ከኋላ ሆኖ የሁሉንም ዱካ በግራር ቅርንጫፍ መጥረግ ነበር። ስድስት ዓመት ሙሉ የጉምሩክ ጠባቂዎቹ አንድ ዱካ አላገኙም። በመጨረሻ የተያዘው ጠቋሚ ጠቁሞበት ነው።

እስር ቤት ውስጥም አላረፈም። ወለሉን እያየ፣ ከተያዘው ዕቃ ውስጥ አንዱን ጥቅል ማን እንዳወጣው ለአምሳ አለቃው ነገረው። ያወጣው የአምሳ አለቃው የራሱ ፖሊስ ነበር። አምሳ አለቃው ስቆ፣ ወይ ሁለት ዓመት ትታሰራለህ ወይ ለእኛ ታነባለህ አለው። ፋራህ ከዚያን ቀን ጀምሮ የሕግ ሰው ሆነ። ሰው ግን የድሮውን ሥራ አልረሳለትም፣ እሱም እንዳልረሱለት ያውቅ ነበር።

አሠራሩን ደጋግሜ አይቼዋለሁ። ጠዋት ፀሐይ ዝቅ ብላ ሳለ ይመጣል፣ ዱካን የሚያሳየው ጥላ ነውና። ጥሩ ዱካ ካገኘ ሳፋ ይደፋበታል። ከዚያ ከጎን ከጎኑ ይሄዳል እንጂ አይረግጠውም። ሰው ከተያዘ ደግሞ ሳያራምደው አይፈርድበትም ነበር። ባዶ እግሩን አሸዋ ላይ ያስኬደውና ሁለቱን ዱካ አስተያይቶ ነው ወይም አይደለም ይላል። ጫማ ልብስ ነው፣ ማንም ይለብሰዋል፤ ሰውየው ያለው እግሩ ላይ ነው ይል ነበር። እንዲህ እያደረገ አይደለም ብሎ ሦስት ሰው አስፈትቷል፤ እኔ የምኮራበት በያዛቸው ሳይሆን በእነዚህ በሦስቱ ነበር።

አሁን ወደ 1970 ግንቦት ልምጣ። ከሱማሌ ጋር የነበረው ጦርነት ካለፈ ገና ሦስት ወሩ ነበር። በየቀበሌው አሰሳ ነበር፣ ሰዓት እላፊ ነበር፣ ጠዋት ወጥቶ ማታ ያልተመለሰ ሰው ቤት ይታወቅ ነበር። በዚህ ላይ ሌባ መጣብን። በአንድ ወር ውስጥ ዘጠኝ ቤት ተሰበረ። የወይዘሮ ዘነበች ሬዲዮ ከራስጌዋ ሲወሰድ እሷ ነቅታ ነበር፣ ከፍርሃት የተነሳ ግን ዐይኗን አልገለጠችም።

የድሬን ግንቦት የሚያውቅ ሰው ያኔ ምን እንደሆንን ይገባዋል። በዚያ ሙቀት እኛ ቤት ውስጥ አንተኛም። የሽቦ አልጋችንን ግቢ አውጥተን፣ ከጎረቤት ጋር በአጥር ላይ እያወራን ነው እንቅልፍ የሚወስደን። ያን ሰሞን አልጋው ሁሉ ተመልሶ ገባ። በቆርቆሮ ቤት ውስጥ በርና መስኮት ዘግተን እንደ ዳቦ ተጋገርን። ሕፃናት በሙቀት ሽፍታ ቆስለው ሲያለቅሱ ያድሩ ነበር። ውሻ በጮኸ ቁጥር ሌባው ይሁን አሳሾቹ አናውቅም፤ ሌባው በሆነ ብለን የጸለይንበትም ቀን ነበር።

ከዚያ አንድ ሰኞ የኅብረት ሱቃችን ጀርባ ተቀዶ ተገኘ። የተወሰደው ሁለት ጆንያ ስኳርና አንድ ካርቶን ሳሙና ነው። የአብዮት ጥበቃው ኃላፊ ጥሩሰው ቆርቆሮውን አይቶ፣ ይህ ሌብነት ሳይሆን የኢኮኖሚ አሻጥር ነው አለ። ሌብነት ቢሆን እስር ነው፤ አሻጥር ከተባለ ግን ሰው እንደሚገደልበት ሁላችንም እናውቃለን። ጥሩሰው ከአብዮቱ በፊት ሲኒማ ቤት ትኬት ይቆርጥ ነበር፤ ክፉ ሰው ሆኖ አልተወለደም። ከበላይ በሦስት ቀን ውስጥ ጥፋተኛውን አቅርብ፣ አለዚያ አንተው ትጠየቃለህ የሚል ደብዳቤ እንደመጣበት ያየሁት እኔ ነኝ፤ መዝገብ ላይ ያስገባሁት እኔ ነኝና። ደብዳቤውን አራት ቦታ አጥፎ ኪሱ ውስጥ ከተተው።

ፋራህ ተጠርቶ መጣ። ከሱቁ አጠገብ ካለው ቦኖ የፈሰሰው ውሃ መሬቱን አርሶት ስለነበር አንድ ጥርት ያለ ዱካ ተገኘ። በረባሶ ነው፣ ከመኪና ጎማ የተሠራ፣ የግራው ተረከዝ ላይ አንድ ምስማር የጎደለው። ፋራህ ሳፋ ደፋበትና ጉዞ ጀመረ። ከኋላው ጥሩሰው ጠብመንጃ ይዞ፣ ከጥሩሰው ኋላ ደግሞ ሁለት መቶ የሚሆን ሰው። እኔም መዝገቤን ታቅፌ ነበርኩ።

ደረቁ የደቻቱ ወንዝ አሸዋ ላይ ስንደርስ ፋራህ ቆመ። ፍየል አልፎበታል፣ ነፋስም ነክቶታል። አጎንብሶ ቆየ፣ ተቀመጠ፣ ተነሳ። በመጨረሻ ለጥሩሰው፣ የእግሩ አጣጣል ጠፍቷል፣ ያለው ጫማው ብቻ ነው አለው። ጥሩሰው ጫማው ይበቃል አለ። ከሕዝቡ መሃል አንድ ሰው፣ ዱካው ወደ ዘመዶቹ ሰፈር ስለገባ ነው የጠፋበት ሲል ሰማሁ። ፋራህም ሰማ። አንገቱ ሲደነድን አየሁት፣ ከዚያ የጫማውን ዱካ ይዞ ወደ መጋላ ወጣ።

የጎደለው ምስማር በየጭቃው እያሳየን የወሰደን የልብስ ሰፊው የሱሌማን በረንዳ ላይ ነው። ሱሌማን ከስፌት መኪናው የማይነሳ ሰው ነው፣ ፋራህም ባዶ እግሩን ሲራመድ አይቶት አያውቅም፤ ያኔም ፔዳሉን እየረገጠ ካኪ ይሰፋል። ካኪው የአብዮት ጥበቃ ዩኒፎርም ነው፤ ጥሩሰው የለበሰውንም የሰፋው እሱ ነበር። በረባሶው ደፉ ላይ ተቀምጧል። ፋራህ አንስቶ ገለበጠው፤ ምስማሩ ጎድሏል።

ሱሌማን መጀመሪያ ነገሩ አልገባውም። ሲገባው ግን በእርጋታ ነው የተናገረው። ያን ዕለት ከንጋት ሶላት ሲወጣ መስጊዱ በር ላይ የራሱን በረባሶ አጣው፤ ይህ ተርፎ ስላገኘ አድርጎት ሄደ። እንዲህ ያለ ነገር በየሶላቱ የሚሆን ነው። በረባሶ ሁሉ አንድ ዓይነት ነው፣ አንዱ የአንዱን አድርጎ ይሄዳል፣ ባለቤቱ ሲገናኝ ይሳሳቃል። መጋላ ውስጥ ይህ ያልደረሰበት ወንድ የለም። የዚያን ቀን ግን አዎ፣ በእኔም ደርሷል ያለ አንድም ሰው አልተገኘም።

ሚስቱ ኻድራ ከውስጥ ወጣች፤ የሰባት ዓመት ልጃቸው ዴቃ ቀሚሷን ይዛለች። ኻድራ የፋራህ የእህት ልጅ ናት፣ አብቲ ነበር የምትለው፤ በሱማሌኛ የእናት ወንድም ማለት ነው። ስታየው ፊቷ ፈካ። አጎቴ ካለ ነገሩ ይጠራል ብላ ያሰበች ይመስለኛል።

ማክሰኞ ከሰዓት የቀበሌው አዳራሽ ሞላ። መስኮቱ ላይ ሳይቀር ሰው ተሰቅሏል። ሰዉ ሌባ ፈልጎ ነው የመጣው፣ ስለ ሌባው ሊሰማ አልመጣም። በረባሶው ጠረጴዛ ላይ ተቀምጧል፣ ሱሌማን ባዶ እግሩን ቆሟል። ፋራህ ምስማሩ አንድ መሆኑን ተናገረ። ያኔ ሱሌማን ወደ እሱ ዞረ።

"አንተ ሰው ሳታራምድ ፈርደህ አታውቅም። እኔንም አሸዋው ላይ አስኪደኝና እየኝ" አለው።

ጥሩሰው ወደ ፋራህ ዞሮ ይህ ያስፈልግ እንደሆነ ጠየቀው። ፋራህ ሕዝቡን አየ። የድሮ ኮንትሮባንዲስት፣ የተከሳሹ ሚስት አጎት፤ አራምዶት አይደለም ቢል ምን እንደሚባል እኔም ገባኝ። ለዘመዱ አደላ ይባላል፣ ከዚያ ስኳሩን አብሮ ወስዷል ይባላል።

"አያስፈልግም" አለ ፋራህ።

እኔም ጻፍኩ። ዛሬም እጄን ሳየው ያቺ ቃል ትታየኛለች፣ ሰባት ፊደል፣ አንድም ስርዝ የሌላት።

ረቡዕ ጠዋት ግቢውን ለአቧራ ብለን ውሃ አርከፍክፈንበት ነበር። አንድ ጓድ ሱሌማንን ወደ ሽንት ቤት አስወጥቶ መለሰው። በረባሶው ማስረጃ የሚል ወረቀት ታስሮበት እኔ ጠረጴዛ ላይ ስለነበር የወጣው ባዶ እግሩን ነው። ፋራህ በር ላይ ቆሟል። ለምን እንደመጣ አላውቅም፤ ማታውን እንቅልፍ አልወሰደው ይሆናል። ሱሌማን ካለፈ በኋላ አጎነበሰ። ከዚያ ተንበረከከ። ብዙ ቆየ፣ ከመስኮቱ አየው ነበር።

ቢሮዬ ሲገባ ከንፈሩ አመድ መስሏል። የሱሌማን የፍርድ ወረቀት ወደ በላይ ሄዶ እንደሆነ ጠየቀኝ። አልሄደም፣ ጥሩሰው ማህተም ሊያደርግበት ነው አልኩት።

"የሺ፣ ወላሂ እሱ አይደለም። ይሄ በውጭ ጠርዝ ነው የሚረግጠው፣ አውራ ጣቱ መሬት አይነካም። የዚያኛው በረባሶ ያለቀው በውስጥ በኩል ነው" አለኝ።

በረባሶውን ገለበጥኩት። በውስጥ በኩል አልቋል። ዕውቀት የሚጠይቅ ነገር አልነበረም፣ ማንም ሰው ዐይቶ የሚያውቀው ነው። ለእኔ ምን ትነግረኛለህ፣ ለጥሩሰው ንገረው አልኩት። አነጋገሬ ቁጣ ነበረበት፤ የተቆጣሁት ነገሩን የማውቅ ሰው ስላደረገኝ ነው።

በዚህ መሃል ጥሩሰው ራሱ ገባ። ፋራህን አይቶ ደስ አለው፣ ትከሻውን መታ መታ አደረገው። ምን ፈልገህ ነው አቦ አለው። ፋራህ አፉን ከፈተ፣ እኔን አየኝ፣ ጠብመንጃውን አየ። ከዚያ የዚህ ወር ሳሙና መቼ እንደሚታደል ጠየቀ። ጥሩሰው ለአንተማ ዛሬውኑ ነው ብሎ ከመሳቢያ ሁለት ሳሙና አውጥቶ ሰጠው። ፋራህ በሁለት እጁ ተቀብሎ ወጣ። ጥሩሰው ማህተሙን አቀብይኝ አለኝ፤ አቀበልኩት።

ሐሙስ ጠዋት ሱሌማንን ከከተማው ዳር ወስደው ገደሉት። ተኩሱን ቦኖ ላይ ውሃ ስቀዳ ሰማሁት። ወረፋው ላይ ከነበሩት ሴቶች አንዷ ኤጭ፣ ተገላገልን አለች። የዚያን ዕለት ማታ አልጋው ሁሉ ግቢ ወጣ። ሰው በአጥር ላይ እያወራ፣ እየሳቀ፣ ንፋስ እየጠጣ ተኛ። እኔም አልጋዬን አውጥቻለሁ። እንቅልፍም ወስዶኛል፤ ይህን ስጽፍ ራሴን እጠላዋለሁ።

አስር ቀን ሳይሞላ ኮኔል አጠገብ አንድ መጋዘን ተሰበረ። አሠራሩ ያው ነው፣ ቆርቆሮ ከጀርባ መቅደድ። ፋራህ ተጠርቶ ሄደ፣ አጎነበሰ፣ ነፋስ በልቶታል ብሎ ተነሳ። እኔ ግን አጠገቡ ነበርኩ። ዱካው ጥርት ያለ ነበር፣ ሸራ ጫማ፣ በውስጥ ጠርዝ የሚረግጥ። በእግሩ አጠፋው። በማግስቱ ሰዉ አልጋውን ወደ ቤት መለሰ። የሱሌማንን ስም ያነሳ አልነበረም፤ አልጋ ሲጎተት ግን ከየግቢው ይሰማ ነበር። ያ ሌባ ማን እንደነበር እስከ ዛሬ አልታወቀም።

ፋራህ ከዚያ ወዲህ አንድም ዱካ አላነበበም። ዐይኔ ደከመ ብሎ ሥራውን ተወ። አስፋልት ዱካ አይዝም ብሎ ከዚራ ውስጥ መንገድ ጠራጊ ሆነ። አሸዋውን ላለመርገጥ ሲል ደቻቱን በድልድይ ዞሮ ነበር የሚሻገረው። ጤናውም ሲከዳው እኛ ግቢ የኋላ ክፍል ሰጠሁት። ሰዎች ደግ ነሽ አሉኝ። ደግነት አልነበረም፤ የማውቀውን የሚያውቅ ሰው ከዐይኔ እንዲርቅ ስላልፈለግሁ ነው። ለዓመታት በአንድ በር ስንወጣና ስንገባ ስለዚያ ረቡዕ አንድም ቀን አላወራንም።

አንድ ነገር ብቻ ነግሮኛል። ጠዋት ጠዋት በሩን ሲከፍት ደፉ ላይ የሚቆም የባዶ እግር ዱካ ያያል። የሚመጣ እንጂ የሚመለስ የለውም፣ አውራ ጣቱም መሬት አይነካም። እኔ ጎረቤት ሁሉ በባዶ እግሩ የሚሄድበት ሰፈር ነው ብዬ ገሠጽኩት። አንድ ጠዋት ግን ቀድሜው ተነሳሁና አየሁ። ዱካ ነበር። የማን እንደሆነ አላውቅም፣ እኔ አላነብም። በመጥረጊያ ጠርጌው ገባሁ።

በ1981 አንድ ማለዳ በራችን ተንኳኳ። ኻድራ ናት። በእነዚያ ዓመታት መንገድ ላይ ስታገኘን ማዶ ትሻገር ነበር፣ ደጃችንን ረግጣ አታውቅም። ዴቃ አሥራ ስምንት ሞልቷታል። ከእናቷ ጋር ተጣልታ፣ ጅቡቲ እሄዳለሁ ብላ በሐዲዱ ይዛ ሳትወጣ አልቀረችም። በዚያ መንገድ ሄደው በውሃ ጥም የቀሩትን ሁላችንም እናውቃቸዋለን። ኻድራ ፋራህን ቀና ብላ አየችው።

"ልጄን አንብብልኝ" አለችው። አብቲ አላለችውም።

ፋራህ ዱካ ማንበብ መተዉን ሊነግራት ጀመረ። በሱሌማን ጊዜ አልተውክም ነበር አለችው። ከዚያ በኋላ አልተከራከረም፣ ሽርጡን አጥብቆ ወጣ። እኔም ነጠላዬን ይዤ ተከተልኳቸው።

ከኻድራ ግቢ ነው የጀመረው። ደፉ ላይ አጎነበሰ፣ ከዚያ ተንበረከከ። ታሞ መስሎኝ ክንዱን ልይዘው ስል እጄን ገፋው። ከዚያ ቀና ብሎ ተጓዘ፣ ያ ሽማግሌ እኛ ሁለት ሴቶች እስክናለከልክ ድረስ። በሐዲዱ ዳር የስንቱ ዱካ አለ፣ የእረኛው፣ የከሰል ተሸካሚዋ፣ የወታደሩ። እሱ አንድም ጊዜ አልቆመም። እንደሚያውቀው ሰው መንገድ ነበር የሚሄድበት።

ፀሐዩ ሳይከር መልካ ጀብዱ ደረስን። ዴቃ ከሐዲዱ ዳር ግራር ሥር ተቀምጣ ነበር፤ ነጠላ ጫማዋ ፈጅቷት አውልቃ አጠገቧ አስቀምጣዋለች። እናቷ መታቻት፣ ከዚያ አቅፋት አለቀሰች። ውሃ አጠጣናት። እኔም ከስንት ዘመን በኋላ ደረቴ ቀለል አለኝ። ፋራህ ከተቀመጥንበት ራቅ ብሎ ቆሟል።

ኻድራ ዐይኗን ጠርጋ ሰላም በሆነ ድምፅ ጠየቀችው። ያን ሁሉ ዱካ አልፎ ልጇን በምን እንደለያት ነው የጠየቀችው። ልታመሰግነው የፈለገች ይመስለኛል።

"በአባቷ አረማመድ" አላት።

መልሱ ከአፉ ከወጣ በኋላ ነው ምን እንዳለ የገባው። እኔም ያኔ ነው የገባኝ። ኻድራ በጣም ቀስ ብላ ተነሳች።

"አዳራሹ ውስጥ አራምደኝ ብሎህ አያስፈልግም አልክ። አረማመዱን መቼ አየኸው?"

ሊዋሽ ይችል ነበር። ድሮ ልብስ ሲያስሰፋ አይቼው ነው ቢላት ማን ያውቅበታል። ፋራህ ግን ደክሞት ነበር።

"ረቡዕ ጠዋት፣ ቀበሌው ግቢ ውስጥ። ሳይገድሉት በፊት" አላት።

አስራ አንድ ዓመት ሙሉ ተሳስቶ ነው ብላ የኖረች ሴት ናት። በስህተት የሞተ ባል አንድ ነገር ነው፣ እሱን ተሸክማ ልጅ አሳድጋለች። አሁን ፊቷ ላይ ያየሁትን ሌላ ሰው ፊት ላይ አላየሁም፣ ማየትም አልፈልግም። አልጮኸችም። ሌላስ ማን ያውቅ ነበር ብላ ጠየቀችው።

እኔ ከፋራህ ሁለት እርምጃ ርቄ ቆሜያለሁ። ወደ እኔ አልዞረም።

"ማንም። እኔ ብቻ" አላት።

በዚያ ሜዳ ላይ ጠብመንጃ የያዘ ሰው አልነበረም፣ ጥሩሰውም ከሞተ ቆይቷል፤ የሚያስፈራ አንድም ነገር አልነበረም። ሆኖም እኔም አውቅ ነበር የምትለው ቃል አልወጣችኝም።

ኻድራ ወደ ልጇ ዞረች። "ጫማሽን አድርጊ፣ ዱካሽን እንዳያይ" አለቻት። ዴቃ የፈጀ እግሯን እያመማት ነጠላ ጫማውን አደረገች። ሁለቱ ከፊት ሄዱ፣ አሸዋው ላይም የሁለት ሴት ጫማ ብቻ ይታይ ነበር። ፋራህ አልተከተለንም። ግራሩ ሥር የቀረውን የዴቃን የባዶ እግር ዱካ እያየ ቆመ። ዞር ብዬ ሳየው የትከሻውን ጨርቅ አውርዶ በላዩ ላይ ሲያለብሰው አየሁ፣ ነፋስ እንዳይበላው።

ማታ ተመለሰ፣ አልበላም። በዚያው ክረምት ሞተ። ከቀብሩ ከተመለስን በኋላ ክፍሉን ሳጸዳ ከአልጋው ሥር ሁለት ሳሙና አገኘሁ፤ ከዚያ ረቡዕ ጀምሮ አልተነኩም፣ ደርቀው ተሰነጣጥቀዋል። በረባሶው ደግሞ እኔ ጋ አለ። ቀበሌው ዕቃ ሲያስወግድ ወደ ቤት ያመጣሁት ነው። ወረቀቱ በእኔው የእጅ ጽሕፈት ተጽፎበት እንደታሰረበት ነው።

ኻድራ ከእኔ ሁለት መንገድ አልፎ ነው የምትኖረው። አሁን ስታገኘኝ ማዶ አትሻገርም፣ ሰላም ትለኛለች፣ ልጄን አብረሽኝ ፈልገሻል ትለኛለች። እኔም እግዚአብሔር ይመስገን እያልኩ አልፋለሁ። ሦስት ጊዜ ልነግራት በሯ ድረስ ሄጄ ተመልሻለሁ። በአፌ አልሆነልኝም፤ ስለዚህ በምችለው በእጄ ጻፍኩት። ኻድራ አማርኛ ማንበብ አትችልም። ዴቃ ግን ታነባለች፣ ነገ ጠዋት ይህን ወረቀት ከበረባሶው ጋር ለእሷ እሰጣታለሁ።